የታመነ ዕቃ ከታመነ እጅ፦ ከይፋግ ገበያ እስከ ኮምፒዩተር ፕሮግራም

ከጣና ሐይቅ በስተ ሰሜን ምሥራቅ፣ ጎንደርን ከጎጃም ጋር ያገናኝ በነበረው የሲራራ መንገድ ላይ የተመሠረተችው ይፋግ፣ በ19ኛው መቶ ዓመት በሰሜን ኢትዮጵያ ከታወቁት ታላላቅ ገበያዎች አንዷ ነበረች። ዛሬ በደቡብ ጎንደር፣ በሊቦ ከምከም ወረዳ ውስጥ፣ ከአዲስ ዘመን ብዙም ሳትርቅ የምትገኝ መጠነኛ ከተማ ናት። በዚያ ዘመን ግን ከአፋር የጨው ሜዳ የተቆረጠው አሞሌ፣ ከዓባይ ማዶ የመጣው ቡና፣ በምጽዋ በኩል የገባው ጨርቅና ከኦስትሪያ ተነሥቶ ቀይ ባሕርን የተሻገረው ጠገራ ብር እንደ እርሷ ባሉ ገበያዎች እጅ ለእጅ ይለዋወጥ ነበር። ሻጭና ገዥ ብዙውን ጊዜ አይተዋወቁም። የይፋግ ገበሬ ጨዉን ከመሬት የፈለጠውን ሰው አይቶት አያውቅም፤ ብሩን የመታው ሠራተኛማ በየትኛው አገር እንደሚኖር እንኳ የሚነግረው አልነበረም። ይሁን እንጂ ገበያው ሳይታወክ ለብዙ ዘመን ቆይቷል። ይህ የሆነው ሰው ሁሉ የዋህ ወይም ሰው ሁሉ ታማኝ ስለ ነበረ አይደለም፤ ዕቃው ከየት እንደ መጣና በመንገድ ምን እንደ ደረሰበት ከራሱ ከዕቃው ላይ የማንበብ ልማድ ስለ ነበረ ነው።

አሞሌ የስለት መሳያ ድንጋይ የሚመስል፣ ወገቡ ወፈር ጫፍና ጫፉ ቀጠን ያለ የጨው ቁራጭ ነው። ከሚቆረጥበት ስፍራ በራቀ መጠን ዋጋው እየጨመረ እንደሚሄድ ፖርቱጋላዊው ቄስ ፍራንሲስኮ አልቫሬዝ እ.ኤ.አ. በ1520ዎቹ ዓመታት ባደረገው ጉዞ አስተውሎ ጽፏል። ርጥበት የበላው፣ ጫፉ የተሸረፈ ወይም የተሰበረ አሞሌ ዋጋው ይወድቃል፤ በመሆኑም እንዳይሰበር በልጥ ይጠመጠም ነበር። ገዥው አሞሌውን በእጁ አንሥቶ፣ አገላብጦ፣ ጠርዙን በጣቱ ዳስሶ ይቀበላል ወይም ይመልሳል። ጉዳቱ የተደበቀ አልነበረም፤ ዓይንና እጅ ይደርሱበታል።

የጠገራ ብር ነገር ረቀቅ ይላል። ይህ ገንዘብ የኦስትሪያዋ ንግሥት የማሪያ ቴሬዛ መልክ የተቀረጸበት ስለ ሆነ በአገራችን ማርትሬዛ በመባልም ይታወቃል። ንግሥቲቱ የሞተችው እ.ኤ.አ. በ1780 ሲሆን፣ ከዚያ በኋላ ለንግድ የተመታው ብር ሁሉ ያንኑ 1780 የሚል ዓመት እንደ ያዘ ቀጥሏል። ስለዚህ የብሩን ዕድሜ ከጽሑፉ ማወቅ አይቻልም ነበር። የኢትዮጵያ ገበያተኛ ግን ሌላ መለያ ነበረው። በንግሥቲቱ የራስ ጌጥ ላይ ያሉትን የዕንቍ ነጥቦች፣ በትከሻዋ ላይ ያለውን ማያያዣ ጌጥና ከምስሏ በታች የተቀረጹትን ሁለት የላቲን ፊደላት፣ ማለት «ኤስ» እና «ኤፍ»ን፣ አንድ በአንድ ይመረምር እንደ ነበር በዘመኑ አገሪቱን የጎበኙ አውሮፓውያን ጽፈዋል። ነጥቡ የደበዘዘ ወይም ፊደሉ የጠፋ ብር፣ የብርነቱ ጥራት ምንም ያህል የተሟላ ቢሆን፣ ለባለቤቱ ይመለስለታል። መንገደኞቹ ይህን እንደ ግትርነት የቈጠሩበት ጊዜ አለ። ሆኖም ሚዛንም ሆነ የማዕድን መመርመሪያ ላልያዘ ሰው ከዚህ የተሻለ ዘዴ ከወዴት ይመጣል? ሁለቱ ፊደላት ሾብልና ፋቢ የተባሉ የጉንዝቡርግ ገንዘብ ማተሚያ ቤት ሹማምንት የስማቸው መጀመሪያ ናቸው። የይፋግ ነጋዴ እነዚህን ሰዎች አያውቃቸውም፤ ምልክታቸውን ግን ያውቃል፤ ምልክታቸው የሌለበትንም አይቀበልም። ዳግማዊ ምኒልክ እ.ኤ.አ. በ1894 የራሳቸውን መልክ የያዘ ብር ባስመቱ ጊዜ እንኳ ሕዝቡ ከለመደው ጠገራ በቀላሉ አልተላቀቀም።

ይህ የምርመራ ልማድ የተፈተነበት አጋጣሚ እ.ኤ.አ. በ1935 መጣ። ኢጣሊያ ኢትዮጵያን ለመውረር ስትዘጋጅ የማርትሬዛን መምቻ ቅርጽ ከኦስትሪያ ተረክባ በሮም ማስመታት ጀመረች። ብዙ ሳይቈይ በለንደን፣ በፓሪስና በብራስልስም ተመታ። በሮም የተመታው ብር ሐሰተኛ ነው ለማለት ያስቸግራል፤ ብሩ ብር ነው፤ የዕንቍ ነጥቡም አልጎደለም፤ ሁለቱ ፊደላትም በቦታቸው አሉ። የጎደለው አንድ ነገር ብቻ ነበር። ምልክቱ ስለ ምንጩ መናገር አቁሟል። መምቻው በአንድ ቤት ተጠብቆ በነበረበት ጊዜ ምልክቱን ማየት ምንጩን እንደ ማየት ይቈጠር ነበር፤ መምቻው ከቤቱ ከወጣ በኋላ ግን ምልክቱ የሚያስረዳው መምቻው በአንድ ሰው እጅ መኖሩን ብቻ ሆነ።

የኮምፒዩተር ፕሮግራምን ከኢንተርኔት አውርዶ በመሣሪያው ላይ የሚጭን ሰው የሚገጥመው ጥያቄ በመሠረቱ ይኸው የይፋግ ገበያ ጥያቄ ነው፤ ክብደቱ ግን ይለያል። ፕሮግራም ሲቀዳ አይሸረፍም፣ አይደበዝዝም፤ አንድ ሺህ ጊዜ የተቀዳው ከመጀመሪያው ጋር ፍጹም አንድ ነው። በውስጡ ጥቂት ነገር የተጨመረበትም ቢሆን በመልኩ፣ በስሙና በሥራው ከትክክለኛው አይለይም። ዓይን አይደርስበትም፤ እጅም አይዳስሰውም። ከዚህም በላይ የተበላሸ ጨው ቢበዛ የሚያበላሸው ወጥ ነው። ፕሮግራም ግን ቤት እንደ ገባ ሎሌ ነው፤ የባለቤቱን ቁልፍ ይዞ፣ በባለቤቱ ሥልጣን ይሠራል፤ የሚጻፈውን ያነባል፣ የሚነገረውን ይሰማል፣ ያሻውንም ይልካል። የዩኒክስ ሥርዓት ፈጣሪ ከሆኑት አንዱ ኬን ቶምፕሰን የቱሪንግ ሽልማት በተቀበለበት ጊዜ ያደረገው ንግግር እ.ኤ.አ. በ1984 ታትሞ ሲወጣ ይህን ነገር እስከ መጨረሻው ወስዶ አሳይቷል። የፕሮግራሙ ጽሑፍ አንዳች እንከን ባይገኝበትም እንኳ፣ ጽሑፉን ወደ መሣሪያ ቋንቋ የሚተረጕመው ኮምፓይለር ከተበከለ ፕሮግራሙ የተበከለ ሆኖ ሊወጣ ይችላል። ሰው ራሱ ከመጀመሪያ እስከ መጨረሻ ያልሠራውን ፕሮግራም በሚጠቀምበት ጊዜ ሁሉ የሚያምነው ፕሮግራሙን የሠሩትን ሰዎች ነው ማለት ነው።

በኢትዮጵያ ይህ እምነት የተጀመረው በዲስኬት ነው። በ1980ዎቹ እ.ኤ.አ. ትንንሽ ኮምፒዩተሮች ወደ አዲስ አበባ መሥሪያ ቤቶች መግባት በጀመሩ ጊዜ፣ መሣሪያዎቹ የግዕዝ ፊደልን አያውቁም ነበር። በውጭ አገርና በአገር ውስጥ የሚኖሩ ኢትዮጵያውያን ባለሙያዎች ይህን ጕድለት ለመሙላት ተነሡ። ፍሥሓ አጥላው በአሜሪካ በዳሸን ስም ያዘጋጁት፣ ዶክተር አበራ ሞላ የደከሙበት፣ ከዚያም አጋፋሪ፣ ዋሽራ፣ ቪዥዋል ግዕዝና ፓወር ግዕዝ የተባሉት ፕሮግራሞች በየጊዜው ብቅ ብለው አማርኛን በኮምፒዩተር ለመጻፍ አስቻሉ። የእነዚህ ሰዎች ውለታ በሚገባ ተነግሯል ለማለት ያስቸግራል። ይሁን እንጂ ከሥራቸው ጋር አንድ ችግር አብሮ መጣ። እያንዳንዱ ፕሮግራም ፊደላቱን በራሱ ሥርዓት ስለሚቈጥራቸው፣ በአንዱ የተጻፈ ደብዳቤ በሌላው ሲከፈት ትርጕም የሌለው የምልክት ክምር ይሆናል። በመሆኑም ደብዳቤውን ለማንበብ የተጻፈበትን ፊደል፣ አንዳንዴም ሙሉ ፕሮግራሙን፣ ከላኪው መቅዳት የግድ ነበር።

ከዚህም የተነሣ ፊደልና ፕሮግራም በዲስኬት ከመሥሪያ ቤት ወደ መሥሪያ ቤት፣ ከጓደኛ ወደ ጓደኛ ይዘዋወር ጀመር። መቅዳት እንደ ነውር አልታየም፤ ይልቁንም እንደ መረዳዳት ነበር፤ ዲስኬት የከለከለ ሰው ጨው እንደ ነሣ ጎረቤት ይቈጠራል። ነገር ግን በይፋግ ገበያ ዕቃው ራሱ ይመረመር ነበር፤ በዲስኬት ዘመን የተመረመረው ግን ሰጪው ብቻ ነው። «ከእገሌ ነው ያገኘሁት» የሚለው ቃል ምርመራውን ተካ። እገሌ ከማን እንዳገኘው የጠየቀ ጥቂት ነው። ቫይረስ የሚባለው ነገር የተስፋፋውም በዚሁ ቀዳዳ ነበር። እ.ኤ.አ. በ1986 በፓኪስታን ላሆር ከተማ ሁለት ወንድማማቾች የጻፉት «ብሬይን» የተባለው ከመጀመሪያዎቹ የግል ኮምፒዩተር ቫይረሶች አንዱ ዓለምን የዞረው በዲስኬት ነው። የሚገርመው፣ ወንድማማቾቹ የጻፉት የራሳቸው ፕሮግራም ያለ ፈቃድ እንዳይቀዳ ለመቈጣጠር እንደ ነበር መናገራቸው ነው። እ.ኤ.አ. በ1989 ደግሞ ስለ ኤድስ በሽታ መረጃ ይሰጣል የተባለ ዲስኬት በሺህ ለሚቈጠሩ ሰዎች በፖስታ ተልኮ ነበር፤ የተቀበሉት ሰዎች መሣሪያቸው ላይ ከጫኑት በኋላ ፋይሎቻቸው ተሰወሩ፤ ለማስመለስም 189 ዶላር ወደ ፓናማ የፖስታ ሣጥን እንዲልኩ ተጠየቁ። ፖስታው በሚገባ የታተመ፣ ዲስኬቱም በሚገባ የተሠራ ነበር።

የፊደሉ ችግር ራሱ መፍትሔ ያገኘው እ.ኤ.አ. በ1999 ነው። በዚያ ዓመት የወጣው የዩኒኮድ 3.0 ደረጃ 345 የግዕዝ ቁምፊዎችን ያካተተ ሲሆን፣ ለእያንዳንዱ ፊደል በመላው ዓለም አንድ ቁጥር ተሰጠው። እ.ኤ.አ. በ2007 ለሕዝብ የቀረበው ዊንዶውስ ቪስታም ኒያላ የተባለውን የግዕዝ ፊደል ይዞ ወጣ። ይህ ለጽሕፈት ሥራ ያስገኘው ጥቅም ሁልጊዜ ይነሣል፤ ለደኅንነት ያስገኘው ጥቅም ግን እምብዛም አይነሣም። አንድን የአማርኛ ደብዳቤ ለማንበብ ምንጩ ያልታወቀ ፕሮግራም መጫን ግድ መሆኑ ቀረ። የጋራ ደረጃ ባለመኖሩ ምክንያት የተከፈቱ ብዙ በሮች በአንድ ጊዜ ተዘጉ ማለት ነው። አብዛኛው ተጠቃሚ ግን ልማዱን ወዲያው አልተወም፤ ዩኒኮድ ከወጣ ከብዙ ዓመታት በኋላ እንኳ በየኮምፒዩተሩ የቆዩት ፊደላት ከፍላሽ ዲስክ ወደ ፍላሽ ዲስክ ሲገለበጡ ይታዩ ነበር።

ኢንተርኔት በኢትዮጵያ አገልግሎት መስጠት የጀመረው እ.ኤ.አ. በ1997 ነው። በመርሕ ደረጃ ይህ ተጠቃሚውን ከአምራቹ ጋር ፊት ለፊት ያገናኘዋል፤ ሰው ፕሮግራሙን ከሠራው ድርጅት ድረ ገጽ በቀጥታ ማውረድ ይችላልና። በተግባር ግን ሁለት ነገሮች መንገዱን አጠበቡት። አንደኛው የመስመሩ ዝግታ ነው፤ ከሌሊት እስከ ንጋት ሲወርድ ያደረ ፋይል ሊያልቅ ሲል መብራት ይጠፋል። ሁለተኛው ክፍያ ነው። የውጭ ምንዛሬ ማግኘትና በውጭ አገር የሚሠራ የክፍያ ካርድ መያዝ ለብዙኃኑ የማይታሰብ በመሆኑ፣ ገንዘቡ ያለው ሰው እንኳ ፕሮግራሙን በሕጋዊ መንገድ መግዣ ያጣል። በመሆኑም «ክራክ» የተባለው ነገር ገበያ አገኘ። ክራክ ማለት የፕሮግራሙን የፈቃድ መቈጣጠሪያ ለመስበር ማንነቱ ያልታወቀ ሰው የሠራው ማሻሻያ ነው። ለመጫን ሲሞከር በመጀመሪያ የሚጠይቀው የቫይረስ መከላከያው እንዲዘጋለት ነው። ዘበኛውን አሰናብቶ በሩን የሚከፍት ባለቤት በየት አገር ተሰምቶ ያውቃል? የኮምፒዩተር ፕሮግራምን ጭምር ከቅጂ የሚጠብቀው የቅጂና ተዛማጅ መብቶች አዋጅ ቁጥር 410/1996 ከወጣ ሁለት ዓሥርተ ዓመታት ቢያልፉም፣ በየገበያው በአንድ ዲስክ ተጠቃለው የሚሸጡትን ፕሮግራሞች አላስቀረም።

የመስመር ዝግታ የሚያስከትለው አደጋ በእኛ አገር ብቻ የታየ አይደለም። እ.ኤ.አ. በ2015 በቻይና የአይፎን መተግበሪያዎችን የሚጽፉ ባለሙያዎች፣ የአፕል ኩባንያ የሥራ መሣሪያ የሆነውን ኤክስኮድን ከዋናው ምንጭ ለማውረድ ረጅም ጊዜ ስለሚወስድባቸው፣ በአገር ውስጥ የፋይል ማከማቻ ላይ የተቀመጠ ቅጂ ይወስዱ ነበር። ቅጂው ተበክሎ ነበር። በዚህ መሣሪያ የተሠሩ ብዙ መተግበሪያዎችም ሠሪዎቹ ሳያውቁት ተበክለው ወጥተው፣ የአፕልን ምርመራ አልፈው ለሕዝብ ተሰራጩ። ቶምፕሰን እ.ኤ.አ. በ1984 በንግግር ያሳየው ነገር በ31 ዓመቱ በገበያ ላይ ታየ። የተሳሳቱት ደግሞ ተራ ተጠቃሚዎች ሳይሆኑ የሙያው ሰዎች ነበሩ።

ኢትዮጵያን በቀጥታ የሚመለከተው ጉዳይ የመጣው በፖለቲካ በኩል ነው። በካናዳ ቶሮንቶ ዩኒቨርሲቲ የሚገኘው ሲቲዝን ላብ የተባለው የምርምር ተቋም እ.ኤ.አ. በመጋቢት 2013 ባወጣው ዘገባ፣ የግንቦት 7 መሪዎችን ፎቶግራፍ መስሎ የሚላክ ፋይል ፊንስፓይ የተባለ የስለላ ፕሮግራም ይጭን እንደ ነበር ገለጸ። በሚቀጥለው ወር የፋየርፎክስ ባለቤት የሆነው ሞዚላ፣ ፊንስፓይ ራሱን ፋየርፎክስ አስመስሎ እንደሚያቀርብ ስለ ደረሰበት ለሻጩ ኩባንያ የማስጠንቀቂያ ደብዳቤ ጻፈ። እ.ኤ.አ. በየካቲት 2014 የወጣው ሌላው የሲቲዝን ላብ ዘገባ ደግሞ በውጭ አገር ይሠሩ በነበሩ የኢሳት ጋዜጠኞች ላይ የጽሑፍ ሰነድ መስሎ የተላከ የስለላ ፕሮግራምን ይመለከታል።

ከሁሉ ይልቅ ለዚህ ጽሑፍ ጉዳይ የሚቀርበው ግን እ.ኤ.አ. በታኅሣሥ 2017 ይፋ የሆነው ነው። እ.ኤ.አ. በጥቅምት 2016 በአሜሪካ ይኖር የነበረው የኦሮሚያ ሚዲያ ኔትወርክ ኃላፊ ጃዋር መሐመድ የቪዲዮ ማያያዣ ያለበት ኢሜይል ደረሰው። ማያያዣው የሚመራው ኢስትአፍሮ ዶት ኮም ወደሚባለው የታወቀ የኤርትራውያን የቪዲዮ ድረ ገጽ ይመስላል፤ በእርግጥ ግን የሚያደርሰው መጨረሻው «ዶት ኔት» ወደ ሆነ ሌላ ቤት ነበር። በዚያም ቪዲዮውን ለማየት የአዶቢ ፍላሽ ማጫወቻን ማሻሻል እንደሚያስፈልግ የሚገልጽ ማስታወቂያ ይታያል። የሚወርደው ፋይል ትክክለኛው የፍላሽ ፕሮግራም ነበረበት፤ ስለዚህ ማጫወቻው በሚገባ ይጫናል፤ ከእርሱ ጋር ግን የስለላ ፕሮግራም ይገባል። ተቀባዩ ተጠራጥሮ መልእክቱን ለመርማሪዎቹ ስላስተላለፈ ነገሩ ተገለጠ። ዘገባው እንዳለው የስለላው ፕሮግራም ሳይበርቢት የተባለ የእስራኤል ኩባንያ ምርት ሲሆን፣ የተጠቀመበት ወገን ዱካ ወደ ኢትዮጵያ ይመራል፤ የተበከሉት መሣሪያዎችም በ20 አገሮች ውስጥ ታይተዋል።

በዚህ ታሪክ ውስጥ ስለ ፖለቲካው የሚከራከር ሰው ብዙ የሚለው ይኖረዋል። ለባለሙያው ግን ቁም ነገሩ ሌላ ነው። እዚህ ላይ የተሰበረ መቈለፊያ የለም፤ በሩን የከፈተው ተጠቃሚው ራሱ እንዲሆን ነው የታሰበው። የተወሰደው ደግሞ መጥፎ ልማድን ሳይሆን ጥሩ ልማድን መጠቀሚያ የማድረግ ዘዴ ነው፤ ፕሮግራምን በየጊዜው ማሻሻል ባለሙያዎች ሁሉ የሚመክሩት ነውና። በሮም እንደ ተመታው ማርትሬዛም ብሩ እውነተኛ ብር ነበር፤ የተጭበረበረው ምንጩ ብቻ ነው።

እንግዲህ ዓይን በማይደርስበት ዕቃ ላይ የዕንቍውን ነጥብ የሚቈጥር ማን ነው? የሙያው ሰዎች ለዚህ ሁለት መሣሪያዎችን አበጅተዋል። አንደኛው ሃሽ የሚባለው የስሌት አሻራ ነው። እ.ኤ.አ. በ2001 በአሜሪካ የወጣውና ሻ 256 በመባል የሚታወቀው ዓይነት አንድን ፋይል፣ ትንሽም ይሁን ግዙፍ፣ በ64 ቁምፊዎች ይወክለዋል፤ ከፋይሉ ውስጥ አንዲት ነጥብ ብትለወጥ አሻራው ፈጽሞ ሌላ ይሆናል። አሻራውን ማስላት በማንኛውም ኮምፒዩተር የጥቂት ሰኮንዶች ሥራ ነው። ሁለተኛው ዲጂታል ፊርማ ነው። ዲፊና ሄልማን የተባሉ ሊቃውንት እ.ኤ.አ. በ1976 ሐሳቡን አቀረቡ፤ በሚቀጥለው ዓመት ሪቨስት፣ ሻሚርና ኤድልማን በተግባር የሚሠራበትን ስልት አገኙ። አምራቹ በምስጢር በያዘው ቁልፍ ፕሮግራሙን ይፈርማል፤ ማንም ሰው ደግሞ ለሁሉ በተገለጸው ሌላ ቁልፍ ፊርማውን ያረጋግጣል። ዊንዶውስ አንድ ፕሮግራም ሲጫን የአሳታሚውን ስም የሚያሳየው፣ ወይም «አሳታሚው አይታወቅም» የሚለው፣ በዚህ መሠረት ነው። ይህ መልእክት በአብዛኛው ተጠቃሚ ዘንድ በፍጥነት የሚያልፉት እንቅፋት ሆኖ ይታያል፤ በእርግጥ ግን የ«ኤስ» እና የ«ኤፍ» ፊደላት ቦታ እርሱ ነው።

ሁለቱም መሣሪያዎች ወሰን አላቸው፤ ወሰናቸውን አለማወቅም ያለ መሣሪያ ከመሆን ይብሳል። እ.ኤ.አ. በየካቲት 2016 የሊኑክስ ሚንት ድረ ገጽ በሰርጎ ገቦች ተይዞ፣ ጎብኚዎች ወደ ተበከለ ቅጂ እንዲመሩ ተደርጎ ነበር። ድረ ገጹ የተያዘ ከሆነ በዚያው ገጽ ላይ የተጻፈውን አሻራ መለወጥም ለዚያው እጅ አያዳግተውም፤ ስለዚህ አሻራው ከሌላ መንገድ መምጣት ወይም መፈረም ይኖርበታል። በአድራሻ ሣጥኑ አጠገብ የሚታየው የቁልፍ ምልክትም የሚመሰክረው መንገዱ መሸፈኑን እንጂ በመንገዱ መጨረሻ ያለው ሰው ማን መሆኑን አይደለም። ፊርማም ቢሆን መምቻው ከቤቱ ሲወጣ ምን እንደሚሆን እ.ኤ.አ. በመስከረም 2017 ታይቷል። ሲክሊነር የተባለው የታወቀ ፕሮግራም ከአምራቹ ከራሱ ድረ ገጽ፣ በአምራቹ ትክክለኛ ፊርማ ተፈርሞ፣ ተበክሎ ወጣ፤ ኩባንያው እንዳስታወቀው 2.27 ሚሊዮን ተጠቃሚዎች ደርሷቸዋል። እ.ኤ.አ. መጋቢት 29 ቀን 2024 ደግሞ አንድሬስ ፍሮይንድ የተባለ መሐንዲስ፣ ወደ ኮምፒዩተር መግቢያው ከወትሮው በግማሽ ሰኮንድ ያህል መዘግየቱ አላስተኛው ብሎ ሲመረምር፣ ኤክስዜድ በተባለውና በብዙ የሊኑክስ ሥርዓቶች ውስጥ በሚገኘው ፕሮግራም ላይ ለረጅም ጊዜ አመኔታ ያተረፈ አንድ ተባባሪ የደበቀውን ስውር በር ማግኘቱን ይፋ አደረገ። ግማሽ ሰኮንድ! የደበዘዘች አንዲት የዕንቍ ነጥብ ፈልጎ ብሩን የሚመልሰው ገበያተኛ በዚህ ሰው ላይ አይስቅም ነበር።

በኤክስዜድ ጉዳይ ምርመራው የተቻለው የፕሮግራሙ ምንጭ ጽሑፍ ለሁሉ ክፍት ስለ ነበረ ነው። የሌላ አገር ዕቃ ተቀብሎ ከመጠቀም አልፎ አሠራሩን ማወቅ የሚለው ምኞት በደቡብ ጎንደር እንግዳ አይደለም። ከይፋግ ብዙ በማይርቀው በደብረ ታቦር አቅራቢያ፣ በጋፋት፣ ዓፄ ቴዎድሮስ አውሮፓውያን የእጅ ባለሙያዎችን አስቀምጠው መድፍ እንዲሠሩ ያስገደዱት፣ እ.ኤ.አ. በ1867ም ሴባስቶፖል የተባለውን ግዙፍ መድፍ ያስቀለጡት፣ ከውጭ የሚገባ መሣሪያ ስላልነበረ አይደለም። ምሳሌው እስከ መጨረሻው እንዳይወሰድ መጠንቀቅ ያስፈልጋል፤ ባለሙያዎቹን በግድ አስቀምጦ የተሠራ መድፍ የነፃ ሶፍትዌር አምሳያ አይሆንምና። ሆኖም መሣሪያን በውስጡ ያለውን ሳያውቁ መቀበል ጥገኝነት መሆኑን ንጉሡ ከብዙዎች ቀድመው አይተውታል።

በሕግና በተቋም በኩል አገሪቱ ጥቂት እርምጃዎች ተራምዳለች። የኢንፎርሜሽን መረብ ደኅንነት ኤጀንሲ፣ ኋላ አስተዳደር የተባለው፣ እ.ኤ.አ. በ2006 ተቋቋመ። የኮምፒዩተር ወንጀል አዋጅ ቁጥር 958/2008 ጎጂ ፕሮግራም ማሰራጨትን በወንጀል ያስቀጣል። የኤሌክትሮኒክ ፊርማ አዋጅ ቁጥር 1072/2010 ደግሞ ለዲጂታል ፊርማ ሕጋዊ ዋጋ ሰጥቶታል። አዋጅ ግን የይፋግ ወይም የአዲስ ዘመን ነዋሪ የትኛውን ፋይል እንደሚከፍት አይወስንም።

ዛሬ የነዋሪው ኮምፒዩተር በአብዛኛው ስልኩ ነው። የባንክ መተግበሪያ፣ ቴሌብር፣ የትምህርት መጽሐፍ፣ የጸሎት መጽሐፍ በስልክ ነው። መተግበሪያው ከጉግል ፕሌይ ሲወርድ የሚፈተሽ ፊርማና ተጠያቂ አሳታሚ አለው፤ በቴሌግራም ከተላከ ወይም ከስልክ ወደ ስልክ ከተላለፈ ፋይል ሲጫን ግን የሚቀረው የላኪው ስም ብቻ ነው። ልክ እንደ ዲስኬቱ ዘመን «ከእገሌ ነው ያገኘሁት» ይባላል። ልዩነቱ፣ የዲስኬቱ ዘመን ቫይረስ ደብዳቤ ያበላሽ ነበር፤ የዛሬው የወር ደመወዝ ይወስዳል።

ይህን ልማድ በድንቁርና ብቻ ማሳበብ ፍትሕ አይሆንም። እ.ኤ.አ. በነሐሴ 2023 በአማራ ክልል ግጭቱ በተባባሰና የአስቸኳይ ጊዜ አዋጅ በታወጀ ጊዜ የሞባይል ኢንተርኔት በክልሉ ተቋርጦ ለብዙ ወራት ቈይቷል። ከዋናው ምንጭ አውርዱ የሚለው ምክር መስመር ለሌለው ሰው ምክር አይደለም። ፕሮግራም የሚገኘው ከጥገና ቤት፣ ከጎረቤት ስልክ፣ ወይም ከባሕር ዳር ከተመለሰ መንገደኛ ፍላሽ ዲስክ ነው። የደኅንነት ማሻሻያም አይደርስም፤ የታወቀ ቀዳዳ ለወራት ሳይደፈን ይቀራል። እንዲህ ባለ ጊዜ የሚያስፈልገው የፍላሽ ዲስክን መንገድ ማውገዝ ሳይሆን በዚያው መንገድ ላይ ምርመራን መመለስ ነው። የፊርማ ትልቁ ጥቅም ተሸካሚው ማንም ቢሆን የማይጎዳው መሆኑ ነው፤ የተፈረመ ፋይል በአህያ ጀርባ ቢመጣ እንኳ መነካቱና አለመነካቱ ይታወቃል። የኡቡንቱ አዘጋጆች እ.ኤ.አ. ከ2005 እስከ 2011 ኢንተርኔት ለሌላቸው አገሮች ሥርዓተ ክወናውን በሲዲ በፖስታ በነፃ ይልኩ በነበረ ጊዜ የሠራው ይኸው ሐሳብ ነው። አንድ የዞን መምሪያ፣ አንድ ኮሌጅ ወይም አንድ ጥገና ቤት መስመር ባለበት ቀን ከአምራቹ ያወረዳቸውን ፕሮግራሞች ፊርማቸውን አረጋግጦ፣ አሻራቸውን በመዝገብ ጽፎ ቢያስቀምጥ፣ ከእርሱ የሚቀዳ ሁሉ አሻራውን አስልቶ ከመዝገቡ ጋር ሊያስተያይ ይችላል። ወጪው አንድ ደብተርና የአንድ ባለሙያ ጥቂት ሰዓታት ነው።

እ.ኤ.አ. በ2016 ለማታለያ የዋለው የፍላሽ ማጫወቻ ራሱ አሁን የለም። አዶቢ ኩባንያ እ.ኤ.አ. በታኅሣሥ 31 ቀን 2020 ድጋፉን አቁሞ፣ ከጥር 12 ቀን 2021 ጀምሮ ማጫወቻው ምንም እንዳያሳይ አድርጎታል። ማርትሬዛ ንግሥቲቱ ከሞተች በኋላ በሞተችበት ዓመት ስም ሲመታ ኖሯል፤ ያም ብር እውነተኛ ነበር። የፍላሽ ነገር ግን የተገላቢጦሽ ነው። ማተሚያ ቤቱ ስለ ተዘጋ፣ በየትኛውም ድረ ገጽ ላይ «ፍላሽ ማጫወቻዎን ያሻሽሉ» የሚል ማስታወቂያ የሚያይ ሰው ነጥቡን መቈጠርም ሆነ አሻራውን ማስላት አያስፈልገውም።